ቤዝቦልን በጆሮ መከታተል፦ ከመካከለኛ ሞገድ እስከ ስማርት ስልክ

ቤዝቦል በአሜሪካ ምድር ከመታየቱ ይልቅ በመደመጥ የሰፋ ስፖርት ነው ቢባል ከእውነት ብዙም አይርቅም። የሀገሪቱ ከፍተኛ ሊግ፣ ሜጀር ሊግ ቤዝቦል፣ 30 ቡድኖች አሉት። እያንዳንዱ ቡድን ከመጋቢት ወር መገባደጃ ጀምሮ እስከ መስከረም መጨረሻ ድረስ 162 ጨዋታዎችን ያደርጋል፤ በጠቅላላው 2 ሺህ 430 ጨዋታዎች ማለት ነው። ይህም በስድስት ወራት ውስጥ ከሞላ ጎደል በየቀኑ ጨዋታ አለ እንደማለት ነው። በእርሻ ማሳ ላይ ትራክተር የሚነዳ፣ ረጅም መንገድ ጭነት የሚያመላልስ ወይም በፋብሪካ የሌሊት ተረኛ የሆነ ሰው ይህን ሁሉ ተቀምጦ ለማየት ጊዜ የለውም። እጁ በሥራ ተይዞ ጆሮው ግን ነጻ ነው።

ይህን ነጻ ጆሮ ከመቶ ዓመት በላይ የያዘው ራዲዮ ነበር። ዛሬ ያው የራዲዮ ሥርጭት በኪስ ስልክ ይደመጣል። መሣሪያው ሲለወጥ አብረው የተለወጡ ነገሮች አሉ፤ የተገኘ ጥቅም አለ፤ የተጨመረ ወጪም አለ። የቀረባቸው አድማጮችም አልጠፉም። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታትና ወራት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጨዋታው ለጆሮ የተመቸበት ምክንያት

በሰሎሞን ተሰማና በደምሴ ዳምጤ ድምፅ እግር ኳስን በራዲዮ የተከታተለ ኢትዮጵያዊ የእግር ኳስ ዘገባ ምን ያህል እሩጫ እንደሆነ ያውቃል። ኳሱ አይቆምም፤ ዘጋቢውም ትንፋሽ ሳይወስድ ይከተለዋል። ቤዝቦል ከዚህ የተለየ ነው።

በቤዝቦል ሁለት ቡድኖች በተራ ይመታሉ፤ ሜዳውን በተራ ይጠብቃሉ። በሜዳው ዘጠኝ ተጫዋቾች ይሰለፋሉ። ወርዋሪው ከመቺው 18 ሜትር ከ44 ሳንቲ ሜትር ርቀት ላይ ሆኖ ትንሽና ጠንካራ ኳስ በኃይል ይወረውራል። መቺው በእንጨት ዱላ ለመምታት ይሞክራል። ከመታ ቤዝ የሚባሉትን ሦስት ማረፊያዎች በየተራ ረግጦ ወደ ተነሣበት ስፍራ ለመመለስ ይሮጣል፤ የተመለሰ እንደሆነ ለቡድኑ አንድ ነጥብ ይቆጠራል። ሦስት መቺዎች ከጨዋታ ሲወጡ ተራው ለሌላው ቡድን ይሆናል። ሁለቱም ቡድኖች አንዳንድ ጊዜ ከመቱ በኋላ አንድ ኢኒንግ ይሞላል፤ ጨዋታው ዘጠኝ ኢኒንግ ነው። የሚያልቅበት ሰዓት አስቀድሞ አይታወቅም።

ፈጣን ውርወራ ከወርዋሪው እጅ ወጥቶ ከመቺው የሚደርሰው ከግማሽ ሴኮንድ ባነሰ ጊዜ ነው። ከዚያ በኋላ ያለው ጊዜ ግን ረጅም ነው። ወርዋሪው ኳሱን ይቀበላል፤ ከጓደኛው ምልክት ይጠብቃል፤ ማረፊያ ላይ ያለውን ሯጭ በዐይኑ ይቃኛል። እ.ኤ.አ ከ2023 ጀምሮ በሥራ ላይ የዋለው ደንብ ይህን ጊዜ ገድቦታል፤ ማረፊያዎቹ ባዶ ሲሆኑ ወርዋሪው በ15 ሴኮንድ ውስጥ መወርወር አለበት፤ ሯጭ ሲኖር መጀመሪያ 20 ሴኮንድ ነበር፣ በ2024 ወደ 18 ዝቅ ተደርጓል። በዚህም የተነሣ በ2022 በአማካይ 3 ሰዓት ከ4 ደቂቃ ይፈጅ የነበረው ባለ ዘጠኝ ኢኒንግ ጨዋታ በ2023 ወደ 2 ሰዓት ከ40 ደቂቃ ወርዷል።

የራዲዮ ዘጋቢው የሚኖረው በዚህ ክፍተት ውስጥ ነው። የሰማዩን መልክ፣ የነፋሱን አቅጣጫ፣ ተጫዋቾቹ ወዴት ተጠግተው እንደቆሙ፣ መቺው ባለፈው ሳምንት ምን እንዳደረገ ይናገራል። አድማጩም ነገሩን በአእምሮው ለመሳል ጊዜ ያገኛል። የጨዋታው ድርጊት ተራ በተራ የሚቆጠር ስለሆነ ከመሃል የገባ ሰው እንኳ አይጠፋበትም፤ ስንተኛው ኢኒንግ እንደሆነ፣ ስንት ሰው እንደወጣ፣ ማን የት ማረፊያ ላይ እንዳለ ከሰማ ሙሉው ሥዕል ይገባዋል። ጥሩ ዘጋቢ እነዚህን ሦስት ነገሮች ደጋግሞ የሚናገረው ለዚህ ነው። የዱላው ድምፅም ራሱን የቻለ ዘገባ ነው። በደንብ የተመታ ኳስ የሚሰጠው ጥርት ያለ ድምፅ፣ የተመልካቹ ጩኸት ተከትሎት ሲመጣ፣ የለመደ ጆሮ ዘጋቢው አፉን ሳይከፍት ውጤቱን ይገምታል።

ከፒትስበርግ የተነሣው ድምፅ

የመጀመሪያው የሜጀር ሊግ የራዲዮ ሥርጭት የተላለፈው ነሐሴ 5 ቀን 1921 ነው። ጣቢያው የፒትስበርጉ ኬዲኬኤ፣ ዘጋቢው ሃሮልድ አርሊን፣ ስፍራው ፎርብስ ፊልድ ስታዲየም ነበር። ፒትስበርግ ፓይሬትስ የፊላደልፊያ ፊሊስን 8 ለ 5 አሸነፈ። አርሊን ይናገርበት የነበረው መሣሪያ ለማይክሮፎንነት የተቀየረ የስልክ መነጋገሪያ ነበር። ከስልክ ክፍል የተጀመረው ሥርጭት ከመቶ ዓመት በኋላ ተመልሶ ስልክ ውስጥ መግባቱ የሚያስገርም ነው።

በቀጣዮቹ ዓመታት ዘጋቢ ወደ ሌላ ከተማ መላክ ውድ ስለነበር ብዙ ጣቢያዎች ሌላ ዘዴ ፈጠሩ። ከስታዲየሙ በቴሌግራፍ አጭር መልእክት ይመጣል፤ በስቱዲዮ የተቀመጠው ዘጋቢ መልእክቱን ተቀብሎ ጨዋታውን ፊት ለፊቱ እንደሚያይ ሰው አድርጎ ይተርከዋል። በ1930ዎቹ በአዮዋ ግዛት ደ ሞይን ከተማ ዳብሊው ኤች ኦ በተባለው ጣቢያ ይህን ሥራ ይሠሩ ከነበሩት አንዱ በኋላ የአሜሪካ ፕሬዚዳንት የሆነው ሮናልድ ሬገን ነው። የቺካጎ ከብስን ጨዋታ ሲያስተላልፍ የቴሌግራፉ መስመር በድንገት ተቋረጠ። ሬገን ዝም አላለም። መቺው ኳሱን ከመስመር ውጭ እንደመታ ተናገረ፤ ደግሞም እንደመታ፤ ደግሞም። በቤዝቦል ደንብ መቺው ሁለት ጊዜ ከሳተ በኋላ ከመስመር ውጭ የሚመታው ኳስ አያስወጣውም፣ ነጥብም አያመጣም፤ ስለዚህ መስመሩ እስኪመለስ ድረስ ውጤቱን ሳያዛባ ጊዜ መግዛት ቻለ። ታሪኩን ፖለቲካ ውስጥ ከገባ በኋላ ራሱ ደጋግሞ ያወራው ነበር። ለሣቅ የሚሆን ወግ ቢሆንም አድማጭ በዘጋቢው ላይ ምን ያህል እምነት እንደሚጥል ያሳያል።

የቡድን ባለቤቶች ግን ራዲዮን በጥርጣሬ ነበር ያዩት። በነጻ የሚያደምጥ ሰው ትኬት አይገዛም የሚል ስጋት አደረባቸው። በኒውዮርክ የነበሩት ሦስት ቡድኖች፣ ያንኪስ፣ ጃየንትስና ዶጀርስ፣ ከ1934 እስከ 1938 ጨዋታቸው በራዲዮ እንዳይተላለፍ ተስማምተው ነበር። ስምምነቱ የፈረሰው የብሩክሊን ዶጀርስ ኃላፊ ላሪ ማክፌል በ1939 ሬድ ባርበር የተባለውን ዘጋቢ ከሲንሲናቲ ባመጣ ጊዜ ነው። ያንኪስና ጃየንትስም ተከተሉት። ራዲዮ ስታዲየም ባዶ አላደረገም፤ ስታዲየም ረግጦ የማያውቀውን ሰው ሳይቀር ደጋፊ አደረገ።

ከእነዚህ ደጋፊዎች ብዙዎቹ የገጠር ሰዎች ነበሩ። እስከ 1950ዎቹ አጋማሽ ከሴንት ሉዊስ ከተማ በስተምዕራብ አንድም የሜጀር ሊግ ቡድን አልነበረም። የሴንት ሉዊስ ካርዲናልስን ጨዋታ ለረጅም ዘመን ያስተላለፈው ኬኤምኦኤክስ በ1120 ኪሎ ኸርዝ በ50 ሺህ ዋት ኃይል የሚሠራ የመካከለኛ ሞገድ ጣቢያ ነው። መካከለኛ ሞገድ ቀን ቀን በላይኛው አየር ስለሚዋጥ ሩቅ አይሄድም፤ ፀሐይ ስትጠልቅ የሚውጠው የአየር ንብርብር ይጠፋና ሞገዱ ከፍ ካለው ንብርብር ነጥሮ ወደ ምድር ይመለሳል። ሌሊት የራዲዮ ቁልፍ እያዞረ የሩቅ ሀገር ጣቢያ የያዘ ሰው ሁሉ ይህን ያውቀዋል። በዚህ ምክንያት በአርካንሳስና በአዮዋ፣ ከዚያም በራቁ ግዛቶች ያሉ ገበሬዎች የማያውቁትን ከተማ ቡድን የራሳቸው አደረጉት። የሃሪ ኬሪና የጃክ በክ ድምፅ በእነዚያ ቤቶች እንደ ቤተ ዘመድ ድምፅ ይታወቅ ነበር።

በ1954 በኪስ የሚያዝ ትራንዚስተር ራዲዮ ለገበያ ሲቀርብ ማዳመጥ ከቤት ወጣ። ዶጀርስ በ1958 ከብሩክሊን ወደ ሎስ አንጀለስ ሲዛወር ያረፈው ለአትሌቲክስና ለሌላ ስፖርት በተሠራ ግዙፍ ስታዲየም ነበር፤ ብዙው ተመልካች ከሜዳው በጣም ይርቃል። ስለዚህ ሕዝቡ ትራንዚስተሩን ይዞ ገባ። በዐይኑ በሩቁ የሚያየውን በቪን ስካሊ ድምፅ ያጣራ ጀመር፤ በስታዲየሙ ውስጥ የዘጋቢው ድምፅ ከሺህ ራዲዮኖች በአንድነት ይሰማ ነበር። ስካሊ ከ1950 እስከ 2016 ለ67 የውድድር ዓመታት ለአንድ ቡድን ብቻ ዘግቧል። በ2022 ሲያርፍ ሐዘኑ የሎስ አንጀለስ ብቻ አልነበረም። የሥራ ባልደረባው ሃይሜ ሃሪንም ከ1959 እስከ 2022 ያንኑ ቡድን በስፓኒሽ ቋንቋ አስተላልፏል።

ወደ ኢንተርኔት የተሻገረበት መንገድ

መስከረም 5 ቀን 1995 በሲያትል ማሪነርስና በኒውዮርክ ያንኪስ መካከል የተደረገው ጨዋታ የራዲዮ ድምፅ በኢንተርኔት በቀጥታ ተላለፈ። ቴክኖሎጂውን ያቀረበው ፕሮግረሲቭ ኔትወርክስ የተባለው የሲያትል ኩባንያ ሲሆን፣ በኋላ ሪልኔትወርክስ ተብሏል። ድምፁ የሚመጣው በስልክ መስመር በተያያዘ ኮምፒውተር በመሆኑ ጥራቱ ከስልክ ንግግር ብዙም አይሻልም ነበር። ትርጉሙ ግን ከጥራቱ በላይ ነው፤ ከዚያ ዕለት በኋላ የአንድ ከተማ ጣቢያ በአንቴናው ርቀት ብቻ የሚወሰን አልሆነም።

ሊጉ ጉዳዩን ቶሎ ገባው። በ2000 የ30ዎቹ ቡድኖች የጋራ ንብረት የሆነ የኢንተርኔት ኩባንያ አቋቋመ፤ የኢንተርኔት የድምፅ መብትም በማዕከል እንዲያዝ አደረገ። በ2008 አይፎን የመተግበሪያ ገበያውን ሲከፍት ከመጀመሪያዎቹ መካከል የሊጉ መተግበሪያ ነበር፤ በተከታዩ ዓመት የቀጥታ የራዲዮ ድምፅ ተጨመረበት። ዛሬ ማንኛውም ደጋፊ ስልኩን ከፍቶ በዚያ ቀን ከሚደረጉት ጨዋታዎች የፈለገውን፣ የባለሜዳውን ወይም የእንግዳውን ቡድን ዘጋቢ መርጦ ማድመጥ ይችላል። ስፓኒሽ ሥርጭት ያላቸው ቡድኖችም በዚያው ይገኛሉ።

እዚህ ላይ ብዙ አዲስ አድማጭ የሚያደናግረው አንድ ነገር አለ። ጨዋታውን በአንቴና የሚያስተላልፈውን ጣቢያ ድረ ገጽ በጨዋታ ሰዓት የከፈተ ሰው ብዙ ጊዜ የሚሰማው ሌላ ዝግጅት ነው። ጣቢያው የገዛው በአየር የማሰራጨት መብትን ሲሆን የኢንተርኔቱ መብት የሊጉ ነው። በቅርብ ዓመታት በአንዳንድ ከተሞች ለአካባቢው ነዋሪዎች ብቻ ይህ ገደብ ላላ ብሏል። በሌላ በኩል የቴሌቪዥን ምስል በአካባቢ ክልከላ የታጠረ ነው፤ በኢንተርኔት ምስሉን በገንዘቡ የገዛ ሰው እንኳ የራሱን ከተማ ቡድን ላያይ ይችላል። ድምፅ ግን በሊጉ መተግበሪያ ይህ ክልከላ የለበትም። ከ2014 እስከ 2020 የዶጀርስ የቴሌቪዥን ጣቢያና የሥርጭት ኩባንያዎች በዋጋ ሳይስማሙ በቀሩባቸው ዓመታት በሎስ አንጀለስ ብዙ ቤቶች ቡድናቸውን ማየት ተከልክለው ነበር፤ ስካሊ በመጨረሻዎቹ ዓመታቱ የመጀመሪያዎቹን ሦስት ኢኒንጎች በራዲዮም ያስተላልፍ ስለነበር ለብዙዎች የቀረላቸው ጆሯቸው ብቻ ነበር።

ድምፁ በምን መንገድ ከጆሮ ይደርሳል

በአንቴና የሚሄድ ድምፅ በብርሃን ፍጥነት ይጓዛል። በኢንተርኔት የሚሄደው ግን ብዙ ማረፊያ አለው። ከስታዲየሙ የወጣው ድምፅ ወደ ዲጂታል ተለውጦ ይጨመቃል፤ ጥቂት ሴኮንድ ርዝመት ባላቸው ቁርጥራጮች ይከፈላል፤ በየሀገሩ ባሉ ሰርቨሮች ይቀመጣል፤ ስልኩም ቁርጥራጮቹን አንድ በአንድ እየጠራ ያወርዳል። ኔትወርክ ለአፍታ ቢደክም ድምፁ እንዳይቋረጥ ስልኩ የተወሰኑ ቁርጥራጮችን አስቀድሞ ያጠራቅማል። ቁርጥራጩ 10 ሴኮንድ ቢሆንና ስልኩ ሦስቱን ቢያጠራቅም፣ ሌላው ሂደት ሳይቆጠር አድማጩ ከሜዳው 30 ሴኮንድ ወደኋላ ቀርቷል ማለት ነው።

ሰላሳ ሴኮንድ በቤዝቦል ሁለት ውርወራ ነው። ጎረቤት በአንቴና ራዲዮ የሚያዳምጥ ከሆነ ጩኸቱ ቀድሞ ይሰማል። የቴሌቪዥኑን ድምፅ አጥፍቶ ምስሉን ከሚወደው የራዲዮ ዘጋቢ ጋር ማያያዝ የለመደ ሰውም ሁለቱን ማገጣጠም ይቸግረዋል። ከሁሉ በላይ የጠፋው የ1958ቱ የሎስ አንጀለስ ልማድ ነው። ስታዲየም ተቀምጦ በስልክ የሚያዳምጥ ሰው ዘጋቢው የሚነግረው ከግማሽ ደቂቃ በፊት በዐይኑ ያየውን ነው። ለዚህ አሮጌው ትራንዚስተር አሁንም ከአዲሱ ስልክ ይበልጣል።

የዳታ ፍጆታውን ማንም በቀላሉ ማስላት ይችላል። በሴኮንድ 64 ኪሎ ቢት የሚላክ ድምፅ በሰዓት 29 ሜጋ ባይት ያህል ይወስዳል፤ 2 ሰዓት ከ40 ደቂቃ ለሚፈጅ ጨዋታ 77 ሜጋ ባይት ገደማ ይሆናል። ጥራቱ በእጥፍ ቢጨምር ፍጆታውም በእጥፍ ጨምሮ 154 ሜጋ ባይት ይደርሳል። በሴኮንድ 3 ሜጋ ቢት የሚመጣ ምስል ግን ለአንድ ጨዋታ 3 ነጥብ 6 ጊጋ ባይት ይበላል። አንድ ጨዋታ በምስል የሚታይበት ዳታ 46 ጨዋታ በድምፅ ያስደምጣል ማለት ነው። ቡድኑን በየቀኑ የሚከታተል ሰው በወር ወደ 27 ጨዋታ ቢያዳምጥ በዝቅተኛው ጥራት 2 ጊጋ ባይት ያህል ይበቃዋል። ዋይፋይ ባለበት የሚያዳምጥ ከዚህም ይድናል።

ባትሪን በተመለከተ ከድምፁ ይልቅ የሚበላው የስክሪኑ ብርሃን ነው። ድምፁ ከተጀመረ በኋላ ስክሪኑን ማጥፋት ይቻላል፤ ሥርጭቱ አይቋረጥም። በአንዳንድ ስልኮች ላይ ግን ባትሪ ቆጣቢው ሥርዓት ከጀርባ የሚሠራን መተግበሪያ ይዘጋል፤ ድምፁ ስክሪኑ በጠፋ ቁጥር የሚቋረጥበት ሰው በቅድሚያ ማየት ያለበት ይህን ቅንብር ነው።

በስልክ ውስጥ ያለው ኤፍ ኤም ለምን አይጠቅምም

ብዙ የአንድሮይድ ስልኮችና ርካሽ የቁልፍ ስልኮች የኤፍ ኤም መቀበያ አላቸው። የሽቦ ጆሮ ማዳመጫ ሲሰካ ሽቦው አንቴና ይሆናል፤ ያለ ዳታና ያለ ክፍያ ራዲዮ ይሰማል። በገጠር ሌሊት ከብት የሚጠብቅ ሰው ራዲዮ የሚሰማበት መንገድ በአብዛኛው ይኸው ነው። አፕል ኩባንያ ግን ከአይፎን 7 ጀምሮ የኤፍ ኤም መቀበያም አንቴናም በስልኮቹ እንደሌለ በ2017 አስታውቋል።

ለቤዝቦል አድማጭ ያለው ችግር ሌላ ነው። ከነባሮቹ የጨዋታ ጣቢያዎች ብዙዎቹ የሚሠሩት በመካከለኛ ሞገድ ነው። የኤፍ ኤም ሞገድ ርዝመቱ 3 ሜትር ያህል ስለሆነ አንድ ክንድ ተኩል ሽቦ ይይዘዋል። የኬኤምኦኤክስ ሞገድ ርዝመት ግን 268 ሜትር ነው። እሱን ለመያዝ ተራ ራዲዮኖች በመግነጢሳዊ ዘንግ ላይ የተጠመጠመ ሽቦ ይጠቀማሉ፤ ይህ ዘንግ በቀጭን ስልክ ውስጥ ቦታ የለውም፤ ቢኖረውም የስልኩ የራሱ ኤሌክትሮኒክስ የሚፈጥረው ጫጫታ ድምፁን ይሸፍነዋል። በኤሌክትሪክ የሚሠሩ መኪኖችም ተመሳሳይ ችግር ስላለባቸው አንዳንድ አምራቾች መካከለኛ ሞገድን ከመኪናቸው አውጥተዋል። ፎርድ በ2023 ይህንኑ ለማድረግ ካቀደ በኋላ ከገጠር ነዋሪዎችና ከሕዝብ ተወካዮች ተቃውሞ ሲገጥመው ሐሳቡን ቀይሯል። በየመኪናው መካከለኛ ሞገድ እንዲኖር የሚያስገድድ ረቂቅ ሕግም በዚያው ዓመት ለአሜሪካ ኮንግረስ ቀርቧል። የክርክሩ ዋና ጉዳይ የአደጋ ጊዜ ማስጠንቀቂያ ቢሆንም በየእርሻው መንገድ ያለው ሰው ስለ ካርዲናልስም እያሰበ ነበር።

አንቴናውን የተዉት ቡድኖች

የማዳመጫው መንገድ ሲለወጥ ማን እንደሚቀር በግልጽ ያሳየው የኦክላንድ አትሌቲክስ ነገር ነው። ቡድኑ በየካቲት 2020 በራሱ ከተማና አካባቢ ጨዋታውን በአንቴና ራዲዮ ማስተላለፍ አቁሞ በኢንተርኔት ብቻ እንደሚያደርገው አስታወቀ። እንዲህ ያደረገ የመጀመሪያው የሜጀር ሊግ ቡድን ነበር። የአድማጩ መጪው ዘመን ኢንተርኔት ነው የሚለው ምክንያቱ በራሱ ስሕተት አልነበረም። ግን በአሮጌ መኪና ራዲዮ የሚያዳምጠው አዛውንት፣ ስማርት ስልክ የሌለው ሰው፣ ዳታው የሚያልቅበት የቀን ሠራተኛ በአንድ ውሳኔ ከጨዋታው ወጡ። ቡድኑ በዚያው ዓመት ውሳኔውን ሽሮ ወደ አካባቢው የመካከለኛ ሞገድ ጣቢያ ተመልሷል።

ሴንት ሉዊስም ቀደም ብሎ ተመሳሳይ ትምህርት አግኝቶ ነበር። ካርዲናልስ በ2006 ከኬኤምኦኤክስ ወጥቶ የባለቤትነት ድርሻ ወደ ገዛበት ኬቲአርኤስ ተዛወረ። የአዲሱ ጣቢያ ኃይል 5 ሺህ ዋት ብቻ ነበር። ለትውልድ ሌሊት ሌሊት ከሩቅ ግዛት ሲያዳምጡ የኖሩ ሰዎች አንድ ምሽት የለመዱትን ቁጥር ከፍተው ቡድናቸውን አጡት። በ2011 ቡድኑ ወደ ኬኤምኦኤክስ ተመለሰ።

ቶሮንቶ ያደረገው ደግሞ ሌላ ዓይነት ነው። በ2021 የብሉ ጄይስ ጨዋታዎች በራዲዮ የተላለፉት በራዲዮ ዘጋቢ ሳይሆን የቴሌቪዥኑን ድምፅ በቀጥታ በመውሰድ ነበር፤ የተሰጠው ምክንያት የወረርሽኙ ዘመን ጥንቃቄ ነው። የቴሌቪዥን ዘጋቢ ግን ምስሉ ስለሚናገርለት ብዙውን ይተወዋል። ኳሱ ወዴት እንደሄደ፣ ማን እንደያዘው ሳይነግር ዝም ይላል፤ ወይም ተመልካቹ ይህን ይይ ይላል። የማያይ አድማጭ፣ በተለይ ዐይነ ስውር ደጋፊ፣ በጨለማ ውስጥ ይቀራል። በ2022 የራዲዮ ዘጋቢው ወደ ቦታው ተመልሷል። ስልኩ የቱንም ያህል ዘመናዊ ቢሆን የሚያደርሰው የተነገረውን ብቻ ነው፤ በሌላው ጫፍ ለጆሮ የሚናገር ሰው ከሌለ ምንም አይፈይድም።

ማዳመጥ ለሚፈልግ ሰው

የሊጉን መተግበሪያ ማውረድና መመዝገብ ያለ ክፍያ ይቻላል። የእያንዳንዱን ውርወራ ውጤት በጽሑፍና በሥዕል የሚያሳየው ክፍል በነጻ የሚገኝ ሲሆን ዳታውም ከድምፅ ያነሰ ነው፤ ጨዋታውን ለመማር የሚፈልግ ሰው ከዚህ ቢጀምር ይጠቀማል። የሁሉንም ቡድኖች ድምፅ ለመስማት ግን የደንበኝነት ክፍያ አለ፤ በወር ወይም በዓመት ይከፈላል፤ ምስልን ጨምሮ ከሚሸጠው ጥቅል እጅግ ያነሰ ነው። ክፍያው በየጊዜው ራሱን ስለሚያድስ ውድድሩ ካበቃ በኋላ ማቋረጥ የረሳ ሰው በክረምቱም ይከፍላል። በአሜሪካ የሳተላይት ራዲዮ አቅራቢው ሲሪየስ ኤክስኤምም ጨዋታዎቹን በመኪናና በስልክ ያስተላልፋል። ሁሉንም በነጻ እናሰማለን የሚሉ ስማቸው የማይታወቅ መተግበሪያዎች የባንክ ካርድ ቁጥር ወይም የስልኩን የአድራሻ ዝርዝር ሲጠይቁ አለመስጠት ነው።

በዋሽንግተንና በዙሪያዋ ባሉት በሜሪላንድና በቨርጂኒያ ለሚኖሩ በርካታ ኢትዮጵያውያን የቅርቡ ቡድን ዋሽንግተን ናሽናልስ ነው። ቡድኑ በ2005 ከሞንትሪያል ወደ ከተማዋ የተዛወረ ሲሆን በ2019 የሊጉን የመጨረሻ ዋንጫ አንሥቷል። ያን ድል በራዲዮ ያስተላለፉት ቻርሊ ስሎውስና ዴቭ ጄገለር ናቸው። ጣቢያው በኤፍ ኤም ስለሚሠራ በዚያ ከተማ ታክሲ የሚያሽከረክር ሰው ያለ ዳታ ሊከታተለው ይችላል።

ከኢትዮጵያ ሆኖ ለሚያዳምጥ ትልቁ ፈተና ሰዓቱ ነው። በውድድሩ ወራት የአሜሪካ ምሥራቃዊ ክፍል ከኢትዮጵያ በ7 ሰዓት፣ መካከለኛው በ8፣ ምዕራባዊው የባሕር ዳርቻ በ10 ሰዓት ወደኋላ ነው። በኒውዮርክ ወይም በዋሽንግተን ከቀኑ 1፡05 ላይ የሚጀመር ጨዋታ በእኛ አቆጣጠር ከምሽቱ 2፡05 ይሆናል፤ ከእራት በኋላ ለማዳመጥ የሚመቸው ይህ ነው። ማታ 7፡05 የሚጀመረው በእኛ ከሌሊቱ 8፡05 ላይ ይውላል። በሎስ አንጀለስ ማታ 7፡10 የሚጀመረው ደግሞ በእኛ ከሌሊቱ 11፡10 ስለሆነ ማልዶ ለሥራ የሚነሣ ሰው የመጀመሪያውን ውርወራ ሊደርስበት ይችላል፤ ጨዋታው የሚያልቀው ከጠዋቱ 2 ሰዓት ገደማ ነው። ለሌሊቱ ያልበረታ ሰው በመተግበሪያው ያለፈውን ጨዋታ ድምፅ ከመጀመሪያው ማዳመጥ ይችላል፤ ውጤቱ ቀድሞ በስክሪኑ እንዳይታይ የሚደብቅ ቅንብርም አለው።